አፈ ንጉሥን ከስሼዋለሁ

ውድ ወዳጄ ይግባኝ፣

እንኳን አደረሰህ። ጤናህ እንዴት ነው? ባለቤትህ፣ ልጆችህ፣ የደሴ ብርድ ሁሉም ደህና ናቸው? ይቅርታውን ቶሎ ላሳልፈው። ስትደውል አላነሳሁም፤ ለፋሲካ የጻፍክልኝን አይቼ አልመለስኩም፤ የልጅህን ምርቃት እንኳ ከሰው ነው የሰማሁት። ይቅር በለኝ። ምክንያት ነበረኝ። ምክንያቱን ስትሰማ ደግሞ ይብስ ስለምትቆጣ፣ ሁለቱን ቁጣ አጣምረህ አንድ ጊዜ ብትቆጣ ይሻላል።

አፈ ንጉሥን ከስሼዋለሁ።

የኛውን አፈ ንጉሥ፣ ስሙን እኛው ያወጣንለትን ወዳጃችንን። በፍርድ ቤት፣ በመዝገብ ቁጥር፣ በመጥሪያ። ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ ሲባል ሰምቻለሁ፤ ስለ አፈ ንጉሥ ግን የተባለ ነገር ስላላገኘሁ ገባሁበት። አሁን መነጽርህን አውልቀህ ግንባርህን እያሸህ መሆኑ ይታየኛል። ቆይ፣ ሳትፈርድብኝ ስማኝ። "ግራ ቀኙን ሳልሰማ አልናገርም" እያልክ ስንቱን ሌሊት አስመሽተኸናል።

ገንዘቡ 180,000 ብር ነው። ሱቁን ዕቃ ሊሞላበት ወሰደ፣ በስድስት ወር እመልሳለሁ አለ። ቤቴ መጥቶ፣ ባለቤቴ ቡና እያፈላች፣ ጠረጴዛው ላይ ቆጥሮ ተቀበለኝ። ከዚያ በኋላ የሆነውን መዘርዘር አያስፈልገኝም፤ ሰውየውን ታውቀዋለህ። ገንዘቤን ስጠይቀው ምሳሌ ይመልስልኛል። "ብድር በምድር" ይለኛል፤ እኔም ምድር ላይ ቆሜ እጠብቃለሁ። ስልክ ሲደወልለት አይሸሽም፤ እሱ እንደ እኔ አይደለም፣ ያነሳል። አንስቶ ግማሽ ሰዓት ያወራኛል፣ ያስቀኛል፣ ስዘጋው ስለ ብሩ አንድ ቃል አለመነገሩ ትዝ ይለኛል። ሁለት ዓመት በዚህ ሁኔታ ሄደ።

"ወረቀት አስፈርመኸው ነበር?" ማለትህ አይቀርም። አላስፈረምኩትም። ዛሬም ቢመጣ አላስፈርመውም። ያንን ሰው፣ ያንን ክረምት አብረን ያሳለፍነውን ሰው፣ "እዚህ ጋ ፈርም" ብዬ እስክሪብቶ ልዘረጋለት? አንተም ብትሆን "በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል" እያልክ ደንበኛ ስትመክር ኖረህ፣ የእህትህን ቤት ያለ ውል አከራይተህ ተከራዩ ስንት ዘመን እንደተቀመጠበት አልረሳሁትም። ስለዚህ በዚህ በኩል እኩል ነን።

ጠበቃ ያዝኩ። ልጅ ነው፤ ፈቃዱ ገና ቀለሙ አልደረቀም። ቢሮው የገባሁ ዕለት የፍትሐ ብሔር ሕጉን ገልጦ ጣቱን አንቀጽ 2472 ላይ አስቀመጠና አነበበልኝ። ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ፣ ወይም በፍርድ ቤት በተሰጠ የእምነት ቃል፣ ወይም በመሐላ ካልሆነ አይረጋገጥም። "ባለቤቴ ቁጭ ብላ አይታለች እኮ" አልኩት። "ጋሼ፣ ባለቤትዎ ሁለት መቶ ሆነው ቢያዩም ያው ነው" አለኝ። ወዲያው ወደድኩት።

ግን እስቲ አስበው። ሕጉ የወጣው በ1952 ዓ.ም. ነው። ያኔ 500 ብር ማለት ሰው ወረቀት ሊጽፍበት የሚገባ ገንዘብ ነበር። ዛሬ ያንኑ 500 ብር ይዘህ ገበያ ብትወጣ የምትሸከመው ነገር ስለማይኖርህ እጅህን ኪስህ ከትተህ ትመለሳለህ። አንቀጹ ግን ቆሟል። ፈረንሳዊው ረኔ ዳቪድ 3,367 አንቀጽ ሲያረቅልን ስለ ውል፣ ስለ ርስት፣ ስለ ጉርብትና ሁሉ አሰበ፤ ብሩ ራሱ ቃሉን እንደሚያጥፍ የገመተ አይመስለኝም። (ይህን ለጠበቃዬ ስነግረው በትሕትና ፈገግ ብሎ ሰዓቱን አየ።)

ያቺን ደብተር ታስታውሳለህ? ስለ ጠበቃና ስለ ዳኛ የሰማነውን ሁሉ የምንጽፍባት፣ ግማሹን እኛ ፈጥረን "የአባቶች አባባል" እያልን የምናስነብባት። ሰሞኑን በጭንቅላቴ ስገልጣት ሰነበትኩ። አሁን ከሳሽ ሆኜ ሳነባት ብዙዎቹ አያስቁኝም፤ የሚያስቁኝ ያኔ ያላሳቁን ሆነዋል። "በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች" ብለን አልነበር? ያን ያለው ሰውዬ የዳኝነት ክፍያ ከፍሎ አያውቅም ብዬ እምላለሁ። እኔ ከፍያለሁ፤ በቅሎዋም ጭብጦዋም እኩል ያሳዝኑኛል። "ዳኛ ይመረምራል ጣዝማ ይሰረስራል" የሚለውም አለ። ጣዝማዋ ሥራዋን ስትሠራ የእኔ መዝገብ "ተመርምሮ ስላላለቀ" ሌላ ቀጠሮ ይሰጠዋል። "እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል" የሚለውን ደግሞ ማን እንደፈጠረው አሁን ደርሼበታለሁ፤ ቀጠሮ የሚሰጥ ሰው ነው። "እያደር" የሚለውን ቃል ሌላ ማንም እንዲህ አድርጎ አይወደውም።

አንድ ነገር ግን ከነከነኝ። ከዚያች ደብተር ውስጥ ስለ ደንበኛው የተባለ ነገር አለ? ጠበቃው ቀጣፊ፣ ዳኛው እንቅልፋም፣ ምስክሩ ቅጥረኛ፣ ጸሐፊው ጉቦኛ፤ ሁሉም ድርሻውን ወስዷል። ጠበቃው ቢሮ ገብቶ ታሪኩን ግማሹን የሚነግረው፣ የሚጎዳውን ወረቀት ቤቱ ትቶ የሚመጣው፣ "እንዲህ ብዬ ብናገር አይሻልም?" ብሎ ውሸቱን ለባለሙያ የሚያስለካው ደንበኛ ግን አንድ ምሳሌ እንኳ አልተተረተበትም። ገባኝ። ምሳሌዎቹን የፈጠረው ደንበኛው ነዋ! ተሸንፎ ሲመለስ፣ መንገድ ላይ።

ወደ ጉዳዩ ልመለስ። የመከላከያ መልስ ደረሰኝ። ይግባኝ ሆይ፣ ይህን ወረቀት አለማየትህ በጣም ይቆጨኛል። አፈ ንጉሥ ጠበቃ ይዟል፣ የሚችል ሰው ነው፤ መልሱም ሦስት ፎቅ አለው። አንደኛ፣ ተከሳሽ ከከሳሽ ምንም ገንዘብ አልወሰደም። ሁለተኛ፣ ይህ ቢታለፍ፣ ወስዶ ቢሆን እንኳ በወዳጅነት የተሰጠ ስጦታ እንጂ ብድር አይደለም። ሦስተኛ፣ ይህም ቢታለፍ፣ ብድር ነው ቢባል እንኳ ተከሳሽ መልሶ ከፍሏል። ከዚያ በታች ክሱ ውድቅ ሆኖ ወጪና ኪሳራ እንዲከፈለው ይጠይቃል። ሦስት ጊዜ አነበብኩት። አልተቀበልኩም፣ የተቀበልኩትም ስጦታ ነው፣ ስጦታውንም መልሻለሁ! ስጦታ የሚመልስ ሰው እንግዲህ ምን ያህል ጨዋ ነው!

ጠበቃዬ ግን አልሳቀም። ይህ የተለመደ ነው፣ አንዱ ቢወድቅ ሌላው እንዲይዘው ነው፣ "በአማራጭ" ይባላል አለኝ። አንተም አንድ ጊዜ ስለዚሁ ነገር እየተናደድክ ያስረዳኸኝን አስታወስኩ፤ ጠበቃው የሚከራከረው በእውነቱ ላይ ሳይሆን ሊረጋገጥ በሚችለው ላይ ነው ብለህ። ያኔ አሹፌብህ ነበር። አሁንም አሾፍብሃለሁ፣ ግን ድምፄን ቀነስ አድርጌ።

እንግዲህ ወረቀት የለም፤ የቀረን መሐላ ነው። ልጁ "ተከሳሹ እንዲምል እንጠይቅ" አለ። አፈ ንጉሥ በሐሰት ይምላል ወይ የሚለውን ሌሊቱን ሙሉ አሰብኩበት። ልንገርህ? አላውቅም። ሃያ ምናምን ዓመት የማውቀውን ሰው ይምላል አይምልም ማለት አልቻልኩም። ከብሩ ይልቅ ይህ ነው እንቅልፍ የነሳኝ። እዚህ ላይ ባልጽፈው ይሻል ነበር፤ በቃ ጻፍኩት።

አሁን ዋናውን ልንገርህ፤ ደብዳቤውም የተጻፈው ለዚህ ነው።

ችሎቱ የዋለው ሐምሌ መጨረሻ ላይ፣ ፍርድ ቤት ሊዘጋ ሲል ነው። ችሎት ስልህ አዳራሽ እንዳይመስልህ፤ ጠባብ ክፍል ናት። በአንድ ወገን መዝገብ እስከ መስኮቱ ደፍ ተቆልሏል፣ ዳኛዋ ከጠረጴዛቸው ኋላ ጥቁር ካባቸውን ለብሰው በእጃቸው ይጽፋሉ፣ እኛ ከፊታቸው ትከሻ ለትከሻ ተጣብቀን ቆመናል። አፈ ንጉሥ ግራጫ ኮቱን ለብሷል፤ ያንን በሠርግህ የለበሰውን። ሰላም አለኝ። እኔም ሰላም አልኩት። ዳኛዋ ወጣት ናቸው፣ ፈጣን ናቸው። "ተከሳሽ፣ ገንዘቡን ወስደዋል አልወሰዱም?" ብለው ጠየቁ። ጠበቃው "የተከበረው ፍርድ ቤት፣ በመልሳችን እንደገለጽነው" ብሎ ሲጀምር አፈ ንጉሥ እጁን አነሳ። ራሴ እናገራለሁ አለ። ጠበቃው እጅጌውን ሲጎትተው በዓይኔ አይቻለሁ። ዳኛዋ "በአጭሩ" አሉ።

በአጭሩ! ለአፈ ንጉሥ!

ኮቱን በግራ ትከሻው ላይ ሳብ አደረገ። ኮት መሆኑን ረስቶታል፤ ያ እጅ የሚያውቀው ኩታ ነው። አያትህ በልሃ ልበልሃ ሲያወጉን እንዴት ይቆሙ እንደነበር ትዝ ይልሃል? ከሳሽና ተከሳሽ በማር፣ በበቅሎ ሲወራረዱ፣ መንገደኛውን አስቁመው "ፍረደን" ሲሉት፣ ከሸንጎው ታናሹ መጀመሪያ ታላቁ መጨረሻ አስተያየት ሲሰጥ። አፈ ንጉሥ ያንን ሁሉ አፉን ከፍቶ ይሰማ ነበር፤ ስሙንም ያወጣንለት በዚያ ሰሞን ነው፣ በ1900 ዓ.ም. ምኒልክ ሚኒስትሮች ሲሾሙ ፍርዱን ለአፈ ንጉሥ ነሲቡ ሰጡ የሚለውን ካነበብን በኋላ። እኔ በበኩሌ ያንን የድሮ ችሎት እንደናንተ አልወደውም። አንደበት ያልተሰጠው ሰው እዚያ ቆሞ ምን ሊያገኝ ነው? ግን በዚያች ጠባብ ክፍል፣ እግዜር ያውቃል፣ ጸጉሬ ቆመ።

"የተከበረው ፍርድ ቤት" አለ፤ "እኔና ይህ ሰው ከአንድ ትሪ በልተናል፣ አንድ ብርድ ልብስ ለብሰናል። ሲርበኝ አውቆ ያጎረሰኝ እሱ ነው። እንግዲህ፦

ለወንድሙ ያበደረ ልቡን ነው የሰጠ፣
ልቤን መልስ ብሎ ማን ችሎት ተቀመጠ?"

በሩ አጠገብ ተራ የሚጠብቁት ሰዎች "እህ" አሉ። ጠበቃው ዓይኑን ጨፈነ። ዳኛዋ ቀና ብለው "ያበደረ ነው ያሉት?" አሉ። አፈ ንጉሥ ግን ሞቆታል፤ ጥያቄው ለእሱ ጭብጨባ ነው። "መቼ አልከፍልም አልኩ? በስድስት ወር እመልሳለሁ ያለው አፌ ዛሬም እዚሁ ነው፣ አልሸሸም! ከወንድሜ የወሰድኩትን ወንድሜ ይጠይቀኝ፣ መጥሪያ አይጠይቀኝ!"

ጸጥ አለ። የሚሰማው የዳኛዋ እስክሪብቶ ብቻ ነበር። ሲጽፉ፣ ሲጽፉ፣ ሲጽፉ።

ጠበቃው እንደ ምንም ድምፁን አግኝቶ "ክብርት ዳኛ፣ ደንበኛዬ የተናገሩት በምሳሌ ነው" አለ። ዳኛዋም ሳይስቁ "180,000 ብር በምሳሌ?" አሉና የተጻፈውን አነበቡለት። "ነው? ብለዋል?" አሉት። እዚህ ላይ ማለት ይችል ነበር እኮ! አላልኩም፣ ተሳስቻለሁ፣ ግጥም ነው ማለት ይችል ነበር። አፈ ንጉሥ የራሱን ቃል ሰምቶ ሲጨርስ ምን እንዳለ ታውቃለህ? "'አልሸሸም' የሚለው ቀርቷል" አለ። አስጨመረው።

መዝገቡ ለትዕዛዝ ጥቅምት 18 ተቀጠረ። ነሐሴና መስከረም ፍርድ ቤት ዝግ ስለሆነ ይኸው እንደተንጠለጠልን አለን። ኮሪደር ስንወጣ ጠበቃዬ ትከሻዬን ይዞ ሊያቅፈኝ ምንም አልቀረው። "ጋሼ፣ ከአፍ ከወጣ አፋፍ! የእምነት ቃል ነው፣ ወረቀቱም አያስፈልገን፣ መሐላውም አያስፈልገን!" አለ። እኔ ግን የማየው አፈ ንጉሥን ነበር። ጠበቃው ደረጃው ላይ እየተቆጣ ጥሎት ወረደ፤ እሱ ኮቱን አስተካክሎ ወደ እኔ መጣ። የሚሰድበኝ መስሎኝ ተዘጋጀሁ።

"እንዴት ነበር?" አለኝ።

"ምኑ?"

"ንግግሬ ነዋ።"

"ጥሩ ነበር" አልኩት። ምን ልበለው? ጥሩ ነበር! ሳያቋርጡኝ ቢሆን ኖሮ ብሎ ሊናገር የነበረውን ቀሪውን ግማሽ እስከ ታክሲው ድረስ አወራልኝ። ታክሲውን እኔ ከፈልኩ። ይህን ለጠበቃዬ አልነገርኩትም፣ አንተም እንዳትነግርብኝ።

እንግዲህ ጭንቀቴ ይኸው ነው። ላሸንፍ ነው። ስገባ መሸነፍን ነበር የፈራሁት፤ ለማሸነፍ ምንም አልተሰናዳሁም። ውሸት ተናግሮ ቢረታኝ እየረገምኩት እኖር ነበር፣ ቀላል ነው። ውሸቱን ጠበቃው በሦስት ፎቅ ሠርቶ ሰጥቶት ሳለ፣ አንድ ጥሩ ስንኝ እንዳታልፈው ብሎ ቤቱን በራሱ ላይ አፈረሰው። እውነት ለመናገር አስቦ ነው ብዬ አላሞካሸውም፤ እንደ እኔ ታውቀዋለህ። ንግግሩ አማረለትና ወጣ፤ እውነቱ ከንግግሩ ጋር ተጎትቶ መጣ። ጥቅምት 18 ይፈረድልኛል፣ ከዚያ አፈጻጸም ይባላል፣ ከዚያ ሱቁን ማሳገድ ይመጣል። ዕቃው ሲቆጠርበት ቆሜ ልይ? ሚስቱ ባለችበት?

ተወው እንዳትለኝ ደግሞ። አልተወውም። ያ ብር ከጡረታዬ ላይ ቆጥቤ ለልጄ ትምህርት ያስቀመጥኩት ነው፤ ሁለት ዓመት ሙሉ ልጅቷን "በሚቀጥለው ዓመት" እያልኩ አራዝሜባታለሁ። ይቅር ማለት የሚያምረው በራስህ ገንዘብ ሲሆን ነው። እንግዲህ ይህንንም ያንንም አልፈልግም፤ ከሳሽ ሆኜ እንደ ተከሳሽ "በአማራጭ" ማሰብ ጀመርኩ።

አንተን የምፈልግህ እዚህ ላይ ነው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 274 ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት በማንኛውም ጊዜ መታረቅ ይቻላል ይላል፤ ልጁ ነው ያሳየኝ፣ እያመነታ ቢሆንም። ከጥቅምት 18 በፊት ና። እኛ ቤት ታርፋለህ። እሱን በዕድሜ የምትበልጠው፣ ሲናገር "በቃህ" ልትለው የምትችለው አንተ ብቻ ነህ፤ እኔ ካልኩት ይቀየመኛል፣ ዳኛዋ ካሉት አይሰማም። በየወሩ የሚችለውን ይክፈል፣ ረዝሞም ቢሆን ይክፈል። እኔ ወለድ አልጠየቅኩም፣ ወጪና ኪሳራውንም እተዋለሁ። ጠበቃዬ ይህን ሲሰማ የሚያሳየኝን ፊት አስቀድሜ አውቀዋለሁ፤ እሱን ለእኔ ተወው።

ሦስት ነገር ብቻ አደራ። እኔ እንደጠራሁህ አትንገረው፤ ለሌላ ጉዳይ አዲስ አበባ መጥተህ እንደሰማህ አድርገህ ግባ። ሁለተኛ፣ የእርቅ ውሉን አንተ ጻፈው፣ እኔ ፊት አቅርበህ አታስፈርመው፤ ሌላ ክፍል ወስደህ አስፈርመው። ሦስተኛ፣ ከመፈረሙ በፊት ይናገራል፣ ታውቃለህ። ተው አትበለው። ሰዓት ያዝና ይናገር፤ ግን ምንም ቢል እንዳትጽፍበት።

በዚህ ሳምንት ደውልልኝ፣ አነሳለሁ። ለባለቤትህ ሰላምታዬን ንገርልኝ፣ ልጅህንም እንኳን ደስ ያለህ በልልኝ፤ ሕግ ነው ያጠናው ወይስ ሰሚ ነው የተሳሳተው? ሕግ ከሆነ ያቺን ደብተር ከእሱ ደብቃት።

ወዳጅህ፣
ከሳሹ